ልጅ የአቤሜሌክ በለስ አይደለም

ዛሬ ማንሳት የፈለግኩት ጉዳይ ስለ ጊዜ ነው። «ጊዜ ምን ያወያያል?» እንዳትሉኝ፤ እስከ መጨረሻው አንብቡኝና ከዚያ ፍረዱ። በተለይ ጎንደርና አዲስ አበባ ዘመድ ያላችሁ፣ እባካችሁ ይህችን ሳታነቡ አትለፉ።

በልብ ወለድና በፊልም ውስጥ ጊዜ ሲደራረብ አይታችሁ ይሆናል። ሰውየው አንድ ቦታ ቆሞ ሁለት ዓይነት ነገ ይታየዋል፤ ሊሆን የሚችለውና የሆነው እርስ በርሳቸው ይቀላቀሉበታል። ልጆቼ እንዲህ ያለውን ነገር ያዩና «አባ፣ እንዲህ ይሆናል እንዴ?» ይሉኛል። እኔ ደግሞ «የኛ ሰው ሌላ ምን ሆኖ ያውቃል?» እላቸዋለሁ። ይስቃሉ። እኔ ግን ቀልዴን አልነበረም።

እስቲ ከሰዓቱ እንጀምር። በበጋ፣ እዚህ ሰዓት ወደፊት ሲገፋ፣ እስራኤልና ኢትዮጵያ በዓለም አቆጣጠር አንድ ሰዓት ላይ ናቸው። ቢሆንም የኔ ሰዓት ከጠዋቱ 8 ሲል ጎንደር ያለችው እህቴ «ገና ሁለት ሰዓት ነው» ትለኛለች። የሷ ቀን በጠዋት ይጀምራል። የፈረንጅ ቀን በእኩለ ሌሊት ይጀምራል። የዕብራውያን ቀን ደግሞ ፀሐይ ስትጠልቅ፣ በዋዜማው ይጀምራል። ሦስት መጀመሪያ ላለው ቀን ደህና አደርክ ማለት በራሱ ሥራ ነው!

ወደ ዓመቱ ስንመጣ ነገሩ ይብሳል። ዘመቻ ሰሎሞን የተጀመረበትን ቀን ሁላችንም እናውቀዋለን። በፈረንጅ ሜይ 24 ቀን 1991 ነው። በአገራችን ግንቦት 16 ቀን 1983 ዓ.ም. ነው። በዕብራውያን ሲቫን 11 ቀን 5751 ነው። አንድ ዓርብ፣ ሦስት ዓመተ ምሕረት! በ36 ሰዓት ገደማ ውስጥ ከ14 ሺህ በላይ ሰው ከአዲስ አበባ ወደ እስራኤል ተጓዘ፤ ወንበሮቹ በወጡለት በአንዱ ትልቅ አውሮፕላን ብቻ ከአንድ ሺህ በላይ ሰው ተጭኖ ነበር። ሰው በ1983 ተሳፍሮ በ5751 ወረደ። በበረራው ላይ የተወለዱ ሕፃናትም ነበሩ። ለነሱ የትኛው ዓመት ይጻፍላቸው?

ከወረድን በኋላ ደግሞ የዕድሜው ነገር መጣ። የኛ ሽማግሌዎች ልደታቸውን በቁጥር አይዙም ነበር፤ «ጣልያን ሲገባ ጡት እጠባ ነበር»፣ «በ77ቱ ረሃብ አግብቼ ነበር» ነው የሚሉት። መዝጋቢው ጸሐፊ ደግሞ ቁጥር ይፈልጋል። ስለዚህ ብዙዎቹ ጃንዋሪ 1 እንደተወለዱ ሆነው ተጻፉ፤ ዓመቱም በግምት ገባ። እዚህ ሰፈር ውስጥ ከታናሽ ወንድማቸው በታች ሆነው የተመዘገቡ ሽማግሌ አሉ። ወንድማቸው ጡረታ ሲወጡ እሳቸው ገና ጠዋት ጠዋት ወደ ሥራ ይወርዱ ነበር። ሰውነታቸው አንድ ዓመት ላይ ነው፣ ታውዳት ዜሁታቸው (መታወቂያቸው) ሌላ ዓመት ላይ። የተሳሳተ ቁጥር የሰውን ጉልበት ሲበላ ማለት እንዲህ ነው።

እስካሁን ያልኩት ግን ለመንደርደሪያ ነው። ዋናው ነገር ሌላ ነው።

በዚያ በግንቦት 1983 ከመጡት መካከል እኔ አንዱ ነኝ። ታላቅ እህቴ ግን ቀረች። ያገባችው አያቶቻቸው ሃይማኖት ከለወጡ ቤተሰብ ስለነበር ከባሏና ከባሏ ዘመዶች ጋር አዲስ አበባ ድረስ ደርሳ ተመለሰች። (ለነዚህ ወገኖች የወጣውን «ፈላሽ ሙራ» የሚል ስም አልወደውም፤ ዘረ ቤተ እስራኤል ማለት ይበቃል።) ያን ቀን ከከተማው እንዲሳፈሩ ያልተፈቀደላቸው ብዙ ነበሩ። የአንድ እናት ልጆች፣ በአንድ ቀን፣ በአንድ በር ላይ ሁለት መንገድ ያዝን።

ከዚያ ወዲህ እኔ እህቴን ሳይ ብቀር ኖሮ የምሆነውን ሰው አያለሁ። እሷ ደግሞ እኔን ስታይ ነገ የምትሆነውን ታያለች። እኔ ለሷ ያልመጣ ነገ ነኝ፤ እሷ ለኔ የቀረ ትናንት ናት። በቪዲዮ ስንደዋወል አራቱም ሰዎች በአንዲት ትንሽ መስታወት ውስጥ ይቀመጣሉ። ጊዜ ሲደራረብ ማለት ይኸው ነው፤ ፊልም አያስፈልገውም።

ይህ ብቻ ቢሆን ናፍቆት ነው ብለን እንችለው ነበር። ክፉው ነገር ያልመጣው ነገ የዛሬን ቦታ መያዙ ነው።

ነገሩን በቅደም ተከተል እንየው። እ.ኤ.አ. ነሐሴ 28 ቀን 2013 አንድ አውሮፕላን 450 ያህል ሰው ይዞ መጣና «የኢትዮጵያ አሊያ በዚህ ተፈጸመ» ተባለ። ጎንደር የቀረው ሰው ግን አልተፈጸመም። በኅዳር 2015 መንግሥት አዲስ ውሳኔ አወጣ፤ የቀሩት ወደ 9,000 የሚሆኑ ሰዎች በአምስት ዓመት ውስጥ እንዲገቡ ተባለ። በጀት አልተመደበም ተብሎ ወዲያው ቆመ፤ ከዚያ በጥቂት በጥቂት ሆነ። አምስት ዓመቱ ሊያልቅ ሲል፣ በጥቅምት 2020፣ ለ2,000 ሰው ተፈቀደ፤ በታኅሣሥ 3 ቀን 316 ሰዎች ገቡ፣ አየር ማረፊያው በእልልታ ተሞላ። በኅዳር 2021 ደግሞ ለ3,000 ተወሰነ፤ እሱም በሐምሌ 2023 ተጠናቀቀ። በዚያው ክረምት በአማራ ክልል ጦርነቱ ሲነሳ ከጎንደርና ከባሕር ዳር ከ200 በላይ ሰዎች በአስቸኳይ ወጡ። ዛሬም በጎንደርና በአዲስ አበባ የሚጠብቅ አለ። ከነሱ አንዷ የኔ እህት ናት።

እነዚህን ዓመታት በልጅ ዕድሜ ቁጠሯቸው። የእህቴ ልጅ የ2015ቱ ውሳኔ ሲሰማ የ12 ዓመት ልጅ ነበረች። ሰፈሩ በሙሉ በእልልታ አደረ፤ እናቷም «አሁንማ ትምህርቱን እዚያው ትቀጥያለሽ» አለቻት። ልጅቱ ግን ብርቱ ናትና እየጠበቀችም ቢሆን 12ኛ ክፍልን ጨረሰች። ነርስነት ለመማር ልትመዘገብ ስትል «ሊጠሩን ነው» የሚል ወሬ መጣ፤ ምዝገባው ቀረ። በሚቀጥለው ዓመት ሌላ ወሬ መጣ። ከዚያ ጦርነቱ መጣ። አንድ ደህና ልጅ ሽማግሌ ልኮባት ነበር፤ ብታገባ ፋይሏ ከእናቷ ይለያል ተብሎ ተፈርቶ እሱም ቀረ። ዛሬ ሃያዎቹን እያጋመሰች ነው። በቅርቡ ስንነጋገር እንዲህ አለችኝ፦

«ጋሼ፣ ጓደኞቼ እኮ ወለዱ። ሥራ ያዙ። እኔ ግን ያው ነኝ፤ ሻንጣዬ ላይ ተቀምጫለሁ።»

«እናትሽስ ምን ትላለች?» አልኳት።

«እትየማ ዘንድሮ አይቀርም ትላለች። አምናም እንዲሁ ብላኝ ነበር።»

ወገኖቼ፣ ይህች ልጅ አንድ ብቻ አይደለችም። በየቤታችሁ አለች። ስልክ ስትደውሉ ድምፅዋን ታውቁታላችሁ።

አሁን አንድ የቆየ ታሪክ ላስታውሳችሁ። በግእዝ መጻሕፍት ውስጥ ተረፈ ባሮክ የሚባል አለ። እዚያ ውስጥ ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ አለ፤ ነቢዩ ኤርምያስን ከጭቃው ጉድጓድ በገመድ ያወጣው ያ ደግ ሰው። ኢየሩሳሌም ልትጠፋ ስትል ኤርምያስ በለስ አምጣ ብሎ ይልከዋል። አቤሜሌክ በለሱን ለቅሞ ሲመለስ ሙቀቱ ያደክመውና ዛፍ ጥላ ሥር ጥቂት ጋደም ይላል። ሲነቃ 66 ዓመት አልፏል። ከተማዋን አያውቃትም፤ መንገድ የጠፋው መስሎት ይመላለሳል። መሶቡን ሲከፍት ግን በለሱ ገና ወተቱ ይንጠባጠባል። የአገሩን ጥፋት ሳያይ፣ ሳያረጅ፣ እግዚአብሔር ጠበቀው።

በእስራኤል ጠቢባን መጽሐፍ በታልሙድም የዚህ ወንድም የሆነ ታሪክ አለ። ሖኒ የሚባለው ጻድቅ አንድ ሰው የካሮብ ዛፍ ሲተክል ያገኘዋል። ዛፉ የሚያፈራው ከ70 ዓመት በኋላ ነው ይለዋል ሰውየው፤ አባቶቼ እንደተከሉልኝ እኔም ለልጆቼ እተክላለሁ ይላል። ሖኒ እዚያው እንቅልፍ ይወስደዋል፤ 70 ዓመት ይተኛል። ሲነቃ የተካዩ የልጅ ልጅ ፍሬውን ሲለቅም ያየዋል። ሖኒ ግን ወደ ቤቱ ሲሄድ የሚያውቀው፣ የሚያምነው ሰው አጣ። በሕይወት መኖሩ መረረው። እንግዲህ ልብ በሉ፤ ሁለቱም ሰዎች ያንኑ 70 ዓመት ነው ያሳለፉት። አንዱ ተክሎ፣ አንዱ ተኝቶ።

ጎንደር ያሉ ልጆቻችንን የአቤሜሌክ በለስ አድርገናቸዋል የምለው ለዚህ ነው። መሶብ ውስጥ አስቀምጠናቸው፣ አውሮፕላኑ የመጣ ዕለት ስንከፍተው ትኩስ ሆነው የምናገኛቸው ይመስለናል። ለበለሱ ተአምር ተደረገለት። ልጅ ግን በለስ አይደለም። የ12 ዓመት ልጅ ስትጠብቅ 20 ይሞላታል፤ የ20 ዓመቱ 30 ይሆናል። ኡልፓን (የዕብራይስጥ ትምህርት ቤት) ገብቶ ቋንቋ ለመያዝ፣ ሙያ ለመጀመር 20 ዓመትና 35 ዓመት አንድ አይደሉም። ይህን እኛ እዚህ ያለነው በገዛ ጉልበታችን እናውቀዋለን።

አቤሜሌክን የላከው ያው ኤርምያስ ስለ መጠበቅ የተናገረው ሌላም አለ። ወደ ባቢሎን ለተማረኩት ሰዎች ሁለት ዓይነት ቃል ደርሷቸው ነበር። ሐናንያ የተባለው ነቢይ በሁለት ዓመት ውስጥ ሁሉም ይመለሳል አለ። ሕዝቡ ምንኛ ደስ ብሎት ይሆን! ኤርምያስ ግን ደብዳቤ ጻፈላቸው፤ ቤት እንዲሠሩ፣ አትክልት እንዲተክሉ፣ ልጆቻቸውን እንዲድሩ፣ ያሉበትንም ከተማ ሰላም እንዲፈልጉ ነገራቸው። መመለሳቸው እንደማይቀር፣ ግን 70 ዓመት እንደሆነ አልደበቃቸውም። ተስፋውን አልቆረጠባቸውም፤ ዛሬያቸውን ግን አልወሰደባቸውም። ሐናንያ ውሸታም ተብሎ ቀረ። የሚያሳዝነው ዛሬ በየስልካችን ላይ የሐናንያ ልጆች መብዛታቸው ነው። «ከበዓሉ በኋላ ነው አሉ»፣ «አንድ የሚያውቅ ሰው ነገረኝ»፣ «ዕቃችሁን አትግዙ»... እንዲህ እያልን ከአፉላ፣ ከሐዴራ፣ ከነታንያ የምንልከው ቃል ጎንደር ሲደርስ ውሳኔ ይሆናል። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ ይላል ያገራችን ሰው። እኛ ላሟን በስልክ እየላክን ነው።

«አባቶቻችንስ ሲጠብቁ አልኖሩም ወይ?» የሚል ይኖራል። ኖረዋል! ግን እንዴት እንደጠበቁ እንመልከት። እ.ኤ.አ. በ1862 አባ መሃሪ ጊዜው ደርሷል ብለው ሕዝብ አስከትለው በእግር ወደ ኢየሩሳሌም ተነሱ። ባሕሩ እንደ ሙሴ ዘመን ይከፈልልናል ብለው አምነው ነበር። ትግራይ ሲደርሱ በረሃብና በበሽታ ብዙ ሰው አለቀ፤ ከፊሉ እዚያው ቀረ፣ የተረፈው ተመለሰ። ከ120 ዓመት በኋላ ደግሞ ሌላ ትውልድ በዚያው እምነት ወደ ሱዳን ወረደ። በመንገድና በመጠለያው ወደ 4,000 የሚሆን ሰው ሞተ፤ በየዓመቱ በኢየሩሳሌም ቀን በሄርጽል ተራራ የምናስባቸው እነሱ ናቸው። ከኅዳር 1984 እስከ ጥር 1985 በዘመቻ ሙሴ ወደ 8,000 የሚጠጋ ሰው ገባ፤ ወሬው ሲወጣ እሱም በመሀል ተቋረጠ። የ1862ቱም ሆነ የ1984ቱ ሰው ሲነሳ እምነቱ አንድ ነበር። የትኛው ጉዞ እንደሚደርስ አስቀድሞ ያወቀ ግን አልነበረም። እነዚያ ታላላቅ አባቶች ያላወቁትን ቀን እኛ በዋትሳፕ የምንናገረው በምን ድፍረት ነው?

ደግሞም አባ መሃሪ ከተነሱበት ቀን በፊትና በኋላ ቤተ እስራኤል ሥራ ፈትቶ አልተቀመጠም። ያርስ ነበር፤ ብረት ይቀጠቅጥ ነበር፤ ሸማ ይሠራ ነበር፤ ሴቶቹ ሸክላ ይሠሩ ነበር። ልጅ ይድራል፣ መጽሐፍ ያስተምራል። ለናፍቆቱ ቀን አበጅቶለት ነበር፤ እሱም ስግድ ነው። ከአስተሥርዮ በኋላ 50 ቀን ተቆጥሮ፣ ተጾሞ፣ ነጭ ተለብሶ፣ ቄሶቹ ኦሪቱን ይዘው እንደ አምቦበር ባለው ተራራ ላይ ይወጣሉ፤ ሕዝቡ ፊቱን ወደ ኢየሩሳሌም አዙሮ ይሰግዳል፣ ያለቅሳል። ከዚያስ? ከዚያ ይወረዳል፤ ጾሙ ይፈታል፤ ይበላል ይጠጣል። በማግስቱ ሁሉም ወደ ሥራው ይሄዳል። በዓመት አንድ ቀን ለነገ ተሰጠች፤ የቀሩት ቀናት የዛሬ ነበሩ። ክነሴት እ.ኤ.አ. በ2008 ስግድን በሕግ የአገር በዓል ሲያደርገው ሁላችንም ኮርተናል። እንግዲያው ተራራ መውጣቱን ብቻ ሳይሆን መውረዱንም እናስታውስ።

ሌላም የሚነሳ ነገር አለ፤ ይኸኛው ከባድ ነው። «እዚያ ተደላድለው ከኖሩ ማን ያመጣቸዋል? መከራቸውን አይቶ ነው የሚራራላቸው» ይላሉ። ፍርሃቱ ይገባኛል። በሬውን ሸጦ፣ እርሻውን ጥሎ ከገጠር ጎንደር የገባ ሰው በቀላሉ «ተደላደል» አይባልም። ነገር ግን ውሳኔዎቹ ሲወጡ የሚታየው የዘር ሐረግና እዚህ ያለ ቤተሰብ፣ የምዝገባው ዝርዝር ነው። ትምህርት ያቋረጠች ልጅ ከተማረችው ቀድማ ትምጣ የሚል መስፈርት አላየሁም። ልጅቱ ነርስ ብትሆን የእናቷ ወንድም መሆኔ አይቀርም። እኛ ግን ችግርን እንደ ማመልከቻ ወረቀት ይዘን ልጆቹን አስቸገርናቸው።

ታዲያ ምን ይሁን? ሁለት ዓይነት ነገ ከፊታቸው አለ፤ አንዱ ጎንደር፣ አንዱ እዚህ። የትኛው እንደሚመጣ ከእግዚአብሔር በቀር የሚያውቅ የለም። ሁለቱ ግን የሚገናኙበት ቦታ አላቸው። ልብ ብላችሁ ብታዩት ብዙ ነገር በሁለቱም ነገ ውስጥ ይሠራል። ነርስ ጎንደርም ነርስ ናት፣ እዚህም ቋንቋ ይዛ ፈተናዋን አልፋ ነርስ መሆን ትችላለች። ልብስ ስፌት፣ የኤሌክትሪክ ሥራ፣ እንጨት ሥራ፣ ኮምፒዩተር፣ እንግሊዝኛ፣ ዕብራይስጡም ጭምር፤ ቢመጡም ይጠቅማል፣ ቢዘገዩም ይጠቅማል። ጥርስ መታከም በሁለቱም ይጠቅማል። ለልጅ መጽሐፍ ማንበብ በሁለቱም ይጠቅማል። የማይጠቅመው ነገር አንድ ብቻ ነው፤ ሻንጣ ላይ መቀመጥ።

ስለዚህ እዚህ ላለነው የምለው ይህ ነው። አንደኛ፣ በወረቀት ያላየነውን ቀን አንናገር። «መቼ ነው?» ሲሉን «አላውቅም» ማለት ጭካኔ አይደለም፤ እውነተኛ ዘመድ የሚለው ቃል ነው። ሁለተኛ፣ የምንልከው ገንዘብ ለቤት ኪራይና ለቀለብ ብቻ እንዳይሆን፤ ጥቂትም ብትሆን ለትምህርት ተብላ ተለይታ ትላክ፣ ደረሰኙም ይጠየቅ። ሦስተኛ፣ ፎቶግራፉን ነገር እናስብበት። ሰርግ ላይ፣ ባሕር ዳር፣ አዲስ መኪና ፊት ለፊት ተነስተን እንልካለን፤ ሌሊት ፎቅ ስንጠርግ፣ የባንክ ዕዳ ስንቆጥር የተነሳነውን ማንም አይልክም። እነሱ እዚያ ሆነው የሚያዩት ነገ እኛ ቆርጠን የቀጠልነው ነው። በዚህ ፎቶ ምክንያት የዛሬ ኑሯቸው ሁሉ ከንቱ ይመስላቸዋል።

አራተኛውና ዋናው፣ መጠበቁን እኛ እንሸከመው። ኢየሩሳሌም ሄዶ ሰልፍ መውጣት፣ የክነሴት አባላትን መጨቅጨቅ፣ ጠበቃ ማነጋገር፣ ፋይሉ የት ደረሰ ብሎ በር ማንኳኳት የዜጋ ሥራ ነው፤ ዜጎቹ ደግሞ እኛ ነን። የእህቴ ልጅ ጎንደር ተቀምጣ በመጨነቋ አንድ ፋይል አይንቀሳቀስም። እኛ እዚህ ብንጮህ ግን ይንቀሳቀስ ይሆናል፤ እስከ ዛሬ የመጡት ውሳኔዎችም ያለ ጩኸት አልመጡም። እኛ እንጠብቅላቸው፣ እነሱ ይኑሩ።

የዚህ የአፉላን ነገር እንደ ምሳሌ ልንገራችሁ። ከሰፈራችን ዳገት፣ ከሞሬ ኮረብታ ላይ ሆናችሁ ወደ ታች ስታዩ የኢይዝራኤል ሸለቆ ተዘርግቶ ይታያል። በዚያ ሸለቆ ውስጥ እ.ኤ.አ. ከ1905 ጀምሮ ከሐይፋ በአፉላ አድርጎ እስከ ሶርያ የሚሄድ ባቡር ነበር። በ1940ዎቹ ድልድዮቹ ፈረሱ፣ መንገዱ ተቆረጠ፣ ባቡሩ ቀረ። ይመለሳል እየተባለ ብዙ ተወራ። ከ60 ዓመት በላይ ቆይቶ በ2016 አዲሱ ባቡር ሥራ ጀመረ፤ እነሆ ዛሬ ወደ ሐይፋ እንሄድበታለን። ታዲያ በነዚያ ሁሉ ዓመታት የአፉላ ሰው ጣቢያ ላይ ቁጭ ብሎ አልጠበቀም። በአውቶቡስ ሄደ፣ ነገደ፣ ተማረ፣ ልጆቹን ዳረ። ባቡሩ ሲመጣም በደስታ ተሳፈረ። አውቶቡስ መሳፈሩ ባቡሩን አላስቀረበትም።

ጎንደርና አዲስ አበባ ሆናችሁ ይህን ለምታነቡ ደግሞ፣ እትየን ጨምሮ፣ ይህን በፍቅር ተቀበሉኝ። ተስፋ ቁረጡ አላልኩም፤ አፌን ይቁረጠኝ! መምጣታችሁን በየቀኑ እጸልያለሁ። በመጽሐፈ ኩፋሌ ውስጥ ዘመን በሰባት ዓመት ሱባዔ፣ በ49 ዓመት ኢዮቤልዩ እየተከፈለ ይቆጠራል፤ ይህን መጽሐፍ ሙሉውን ጠብቆ ለዓለም ያቆየው የኛው ግእዝ ነው። ዘመንን እንዲህ በጥንቃቄ የቆጠሩ አባቶች ልጆች ነን። አንድ ሱባዔ ሰባት ዓመት ነው። ሰባት ዓመት ደግሞ አንድ ልጅ ፊደል ቆጥሮ ስምንተኛ ክፍል ሊደርስበት የሚችል ጊዜ ነው። እባካችሁ የሚመጣውን ሱባዔ ለወሬ አትስጡት። ልጅቱ ለዚህ ዓመት ትመዝገብ። ከሁለተኛው ወር ላይ ጥሪው ቢመጣ ትምህርቷን አቋርጣ ትምጣ፤ የሁለት ወር ትምህርት ይዛ መጣች ማለት ነው፣ ምን ይጎዳታል? ካልመጣም በሦስትና በአራት ዓመት ውስጥ ነጭ ጋውን ለብሳ አያታለሁ። ያ ወጣትም ሽማግሌ ቢልክ ከመመለሱ በፊት ፋይሉን ከሚያውቅ ጠበቃ ጋር ተማከሩ፤ ፍርሃት ጠበቃ አይሆንም። የምዝገባውን ገንዘብ እኔ እልካለሁ፤ እትየ፣ ይህን በስልክም ነግሬሻለሁ፣ በጽሑፍም ይኸው።

የማትስማሙ ትኖራላችሁ፤ በተለይ በዚህ ጉዳይ ብዙ የደከማችሁ ታላላቆቼ ብትገሥጹኝ እቀበላለሁ። ዝም እንዳንል ግን እለምናለሁ። ዛሬ ማታ ወደ ጎንደር የምትደውሉ ሁሉ፣ ከሰላምታው በኋላ «መቼ ልትመጡ ነው?» ከማለት ይልቅ «ልጆቹ ምን እየተማሩ ነው?» ብላችሁ ጠይቁልኝ።

የተለያየነውን በሰላም ያገናኘን። ለአገራችንም ሰላሙን ይስጥልን። ቸር ሰንብቱ።